በር የሚያንኳኳው ሳጅን

ክሊፎርድ ሃስላምን ያላየ እንግሊዛዊ የለም፤ ስሙን የሚያውቅ ግን በመብራት ቢፈለግ አይገኝም። አውቶቡስ ውስጥ ሰው ፊቱ ላይ ያፈጥና ግንባሩን ቋጥሮ ጥቂት ካሰበ በኋላ «ይቅርታ፣ ባንክ ቤት አልነበርክም?» ይለዋል። አንዲት አሮጊት ደግሞ በሳልፎርድ ገበያ መሐል እጁን ጨብጠው የሟች ባላቸውን ጥርስ ሳያሳምም ስለነቀለላቸው አመሰገኑት። እሱም አላሳፈራቸውም። «ጠንካራ ሰው ነበሩ፣ አንዴም አላቃሰቱም» ብሎ ሸኛቸው።

እኔም እንደ እሱ ተዋናይ ነኝ። አርኖልድ ኤንትዊስል እባላለሁ፤ ስሜን እንደማታውቁት አውቃለሁ፣ አልቀየማችሁም። ክሊፎርድና እኔ አርባ ዓመት ያህል በማንችስተር የቴሌቪዥን ድርጅቶች ኮሪደር ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠን አንድ ዓይነት ሚና ስንጠብቅ ኖረናል። ቁመታችን እኩል ነው፣ አፍንጫችን ረጅም፣ ፀጉራችንም አብሮ ነው የከዳን። ፖሊስ ሲፈለግ ሁለታችንም እንጠራለን፤ አንዳችን ፖሊስ ይሆናል፣ ሌላችን አውቶቡስ ተሳፍሮ ወደ ቤቱ ይመለሳል። ብዙውን ጊዜ ተመላሹ እኔ ነበርኩ። ይህን የምለው ቀንቼ አይደለም። እሺ፣ ትንሽ ቀንቼ ነው።

የረዳት ተዋናይ ኑሮ እንዲህ ነው፤ ዋናው ሲያለቅስ መሐረብ ታቀብላለህ፣ ዋናው ሲገድል ትሞታለህ። እኔ በቴሌቪዥን አሥራ አንድ ጊዜ ሞቻለሁ፤ ከዚያ ውስጥ በአራቱ ድራማው ገና ሲጀምር ሬሳ ነበርኩ። ክሊፎርድ ግን ብዙም አልሞተም። የእሱ ሥራ የሌላውን ሞት መንገር ነበር።

አንድ ነገር ግን ያስተማርኩት እኔ ነኝ። ገና ጎረምሶች ሳለን በኦልድሃም ትንሽ ቲያትር ቤት በየሳምንቱ አዲስ ተውኔት እየሸመደድን አብረን ስንሠራ ቴሌቪዥን መጣ። ከክሊፎርድ በፊት ሦስት ጊዜ ያህል ገብቼበት ስለነበር አዋቂ ሆንኩበት። «ስማ፣ ካሜራ አንተን ብሎ አይመጣም» አልኩት። «አንተ ነህ የምትፈልገው። ከካሜራዎቹ አንዱ አናቱ ላይ ቀይ መብራት ይበራለታል፤ ሕዝብ የሚያይህ በዚያኛው ነው። መብራቱን ፈልግ፣ ከዚያ በግራ እግርህ ግማሽ እርምጃ ግባና ትከሻህን ክፈትለት። ዳይሬክተሩ እስኪነቃ አንተ ምስሉ ውስጥ ነህ።»

ደቀ መዝሙሩ ከመምህሩ በለጠ። በዚያች ግማሽ እርምጃ ስንቱን ባለ ስም ተዋናይ ምስሉ ላይ ጆሮ ብቻ አድርጎ እንዳስቀረው እኔ አውቃለሁ። በስተኋላ ሳያስበው ሁሉ ያደርገው ጀመር። ባለቤቱ ኢነድ አንድ ቀን «የሠርጋችን ፎቶግራፍ ላይ እንኳ ግማሽ ፊቴ የለም» ብላ አስቃኛለች። ያን ጊዜ ኢነድ ትቀልድ ነበር።

ነገሩ የሆነው በፈረንጆች 1966 ነው። ጥቁርና ነጭ ዘመን ነው። «የወፍጮ ሰፈር ጣቢያ» የሚባል የፖሊስ ድራማ ሐሙስ ሐሙስ ማታ ይታይ ነበር። በአንዱ ክፍል አንድ ሳጅን ባሏ ፋብሪካ ውስጥ እንደሞተ ሊነግር ወደ አንዲት ሴት ቤት ይሄዳል። በሩን የምትከፍትለት ትንሽ ልጅ ናት። «እናትሽ አለች?» ይላታል። «ፎቅ ላይ ናት። ልጥራት?» ትላለች። ልጅቷ ያላት ንግግር ይኸው ነው። ለሳጅኑ ሚና ሁለታችንም ቀርበን ክሊፎርድ ገባ፣ እኔ አውቶቡሴን ተሳፈርኩ።

ቀረጻው በትምህርት ቤት እረፍት ላይ ስለዋለ ኢነድ የሰባት ዓመት ልጃቸውን ጊሊያንን የአባቷን ሥራ ልታሳያት ይዛት ሄደች። ያን ዕለት ጠዋት በሩን የምትከፍተው ልጅ ጆሮ ደግፍ ይዟት ቀረች። ዳይሬክተሩ ጨንቆት ዙሪያውን ሲያማትር ዓይኑ ጊሊያን ላይ አረፈ። ቁመቷን በዓይኑ ለክቶ «ማንበብ ትችላለች?» አለ። ኢነድ ፀጉሯን አበጥራ ሪባን አሰረችላት፤ ለክሊፎርድ ደግሞ የሳጅን ጢም ለጠፉለት፣ የፖሊስ ካባም ደረቡለት። ትዕይንቱ በአንድ ጊዜ ተቀረጸ። ለልጅ የሚያስፈልገው ፈቃድ ስላልወጣ ስሟ መጨረሻ ላይ በሚያልፈው ዝርዝር ውስጥ አልገባም።

ክፍሉ ከሦስት ሳምንት በኋላ ሲታይ ክሊፎርድ ኦልድሃም መድረክ ላይ ነበር። አልከፋውም። ያን ጊዜ ሁላችንም «ይደገማል» ነበር የምንለው፤ ያመለጠ ነገር በጋ ላይ ተመልሶ የሚመጣ ይመስለን ነበር። ቤቱ ሲገባ ልጅቷ ተኝታለች። በማግስቱ ቁርስ ላይ «እሺ የኔ ተዋናይት፣ እንዴት ነበር?» አላት። «ጥሩ ነበር አባዬ» አለችው፣ ዓይኗን ከእንቁላሏ ሳታነሳ። አፍራ ነው ብሎ አሰበ።

በተከታዩ የካቲት አንድ ማታ ራሴን አመመኝ አለች። የማጅራት ገትር ነበር። በሦስተኛው ቀን አረፈች። ትንሿን ነጭ ሣጥን ክሊፎርድ ብቻውን ደረቱ ላይ አቅፎ ቤተ ክርስቲያን ሲገባ፣ እኔ ከኋላ ተሰልፌ የጫማውን ተረከዝ እያየሁ ሄድኩ። ወደ ላይ ማየት አልቻልኩም።

ከቀብሩ ሁለት ወር በኋላ ያን ክፍል አሳዩኝ ብሎ ወደ ቴሌቪዥን ድርጅቱ ሄደ። የቴፕ ክፍሉ ሠራተኛ መዝገቡን በጣቱ ሲፈልግ ቆይቶ «ተሰርዟል» አለው። በዚያ ዘመን ቴፕ ውድ ስለነበር አንዱ ድራማ ከታየ በኋላ ተጠርጎ ሌላ ይቀረጽበታል። በጊሊያን ላይ የፈረስ ዝላይ ውድድር ተቀርጾባት ነበር።

ያን ዕለት ክሊፎርድ ቤቱ አልሄደም፤ እኔ ዘንድ መጣ። ካፖርቱን ሳያወልቅ ወጥ ቤቴ ውስጥ ተቀመጠ።

«አላየኋትም አርኒ» አለኝ።

«እንዴት አላየኋትም ትላለህ? ፊት ለፊትህ ቆማ በር ከፍታልህ?»

«መብራቱን ነበር የማየው። ቀዩን መብራት። አንድ ክንድ ርቀት ላይ ቆማ ታወራኛለች፣ እኔ ካሜራ እፈልጋለሁ። ፊቷ ምን ይመስል እንደነበር አላውቅም።» ቀና አለ። «አንተ ያን ሐሙስ አይተኸዋል አይደል?»

«አዎ» አልኩት።

ውሸቴን ነው። ያን ሐሙስ ማታ ወጥ ቤት ቆሜ ንጹሕ ድስት አጥብ ነበር። የኔ መሆን የነበረበትን ሳጅን ክሊፎርድ ሲሠራው ላለማየት ቧንቧውን እስከ መጨረሻው ከፍቼዋለሁ። ዶሪን፣ ነፍሷን ይማርና ሚስቴ፣ ከሳሎን ሆና «አርኖልድ፣ የክሊፎርድ ልጅ መጣችልህ፣ ና» አለችኝ። «ክሊፎርድን ጠግቤዋለሁ» አልኳት። ቆይታ «ድምጿ እንዴት ደስ ይላል» አለች። ወደ ሳሎኑ አምስት እርምጃ ነበር። ለአንዲት ሚና ስል አምስት እርምጃ መሄድ እምቢ አልኩ፤ እስከ ዛሬ ትዝ ባለኝ ቁጥር ራሴን እጠላለሁ።

እና ከዶሪን አንዲት ዓረፍተ ነገር ተነሥቼ ሠራኋት። በሩ ወለል ብሎ ሲከፈት ብርሃን ፊቷ ላይ አረፈ አልኩት። ቢጫ ሪባን አስራለች። አንዱን እግሯን በሌላው ላይ ጭና ቆማለች። ቀና ብላ አይታህ ፈገግ ስትል የወለቀው ጥርሷ ቦታ ታየ። «ልጥራት?» ስትል እያወቀችህ እንደማታውቅህ መሰለች፤ ተዋናይ ናት አልኩት። ክሊፎርድ ዓይኑን ጨፍኖ ሰማ። ስጨርስ ተነሣ፣ እጁን ትከሻዬ ላይ አሳርፎ ወጣ።

አንዴ የዋሸ መቼም ይደግማል። በየዓመቱ በልደቷ ቀን ወደ ቤታቸው እሄዳለሁ። ኢነድ ሻይ ታቀርባለች፣ ብስኩቱን በሰሃን ትደረድራለች። ክሊፎርድ «እስቲ አርኒ» ይለኛል፤ እሷ ብድግ ብላ ወጥ ቤት ትገባለች፤ በሩን ግን አትዘጋም። ከቀብሩ በኋላ የልጅቷን ስም ከአፏ የሰማ የለም። እሱም አይጠይቃትም። ስንት ሴት በር ላይ ቆሞ ሞት ያረዳ ሰው ለገዛ ሚስቱ አንዲት ጥያቄ ማቅረብ አቃተው።

ያረዳ ያልኩት ያለ ምክንያት አይደለም። ጊሊያን ከሞተች በኋላ ሥራው ጎረፈለት፤ ሁሉም በር የሚያንኳኳ ፖሊስ ነበር። ምክንያቱን ዳይሬክተሮቹ አያውቁም። ክሊፎርድ አንኳኩቶ በሩ ሲከፈት መጀመሪያ ወደ ታች ያያል፣ የልጅ ፊት ሊኖር በሚችልበት ቁመት። እዚያ ምንም የለም። ከዚያ ቀስ ብሎ ዓይኑን ወደ ተዋናይቷ ያነሣና ኮፍያውን ያወልቃል። አገር ምድሩ በዚያች እይታ አለቀሰ። «ያቺን ወደ ታች ማየትህን እንዳትረሳ» ይሉታል ከቀረጻ በፊት። አንድ ወጣት ዳይሬክተር ጭራሽ «እንዴት አመጣሃት?» ብሎ ጠየቀው። «ጫማዬ ተፈትቶ እንደሆነ ሳይ ነው» አለው ክሊፎርድ። ሰላሳ ዓመት በዚያች እይታ በላ።

በሰፈሩም ሕይወቱ ያው ሆነ። ለቤተ ክርስቲያን ጣሪያ መዋጮ ሊሰበስብ ሲያንኳኳ ሴቶቹ በመስኮት አይተውት ፊታቸው ይገረጣል። ጎረቤቱ ሚስስ ክሌግ «አንተ ሰውዬ፣ ከማንኳኳትህ በፊት አፉጭ። ልቤ ሁለተኛ አይችልም» ብለውታል። ሁላችንም ሳቅን። እሱም ከዚያ ወዲህ እያፏጨ ያንኳኳ ጀመር።

አንድ ጊዜ ብቻ፣ ዶሪንን ቀብሬ የመጣሁ ዕለት፣ ሳልጠይቀው ነገረኝ። «በሮቹ የኮምፔርሳቶ ናቸው» አለ። «ከጀርባቸው የካሜራ ገመድና የእሳት ማጥፊያ እንጂ ሌላ የለም። አሳምሬ አውቃለሁ። ግን ባንኳኳሁ ቁጥር ደረጃ የሚወርድ የልጅ ኮቴ እሰማለሁ። በሩ ሲከፈት ያቆማል።» ከዚያ ሻዩን ጨርሶ ኩባያውን አጠበ። ያን ሌሊት እኔም ባዶ ቤቴ ውስጥ ተኝቼ ደረጃውን አዳመጥኩ።

አርባ ሁለት ዓመት አለፈ። ክሊፎርድ ሰባ ሰባት ሞላው፣ ጉልበቱ ከዳው፣ ሥራ ተወ። በዚያ መስከረም ስልክ ደወለልኝ። ድምፁ የጎረምሳ ሆኖ ነበር።

«አርኒ፣ አገኟት።»

«ማንን?»

«ጊሊያንን ነዋ።»

አንድ የድርጅቱ መሐንዲስ የነበረ ሰው ሞቶ ልጁ የጓሮውን ዕቃ ቤት ስታጸዳ የፊልም ጥቅልሎች አገኘች። ድርጅቱ ለባሕር ማዶ ጣቢያዎች ሊሸጥ ድራማዎቹን ከቴፕ ወደ ፊልም ይገለብጥ ኖሮ፣ ሰውዬው የተረፉትን አቃጥል ሲባል አልሆነለትም፤ ከማዳበሪያውና ከአበባ ማሰሮው ጀርባ ደብቋቸው ኖረ። ጥቅልሎቹን የተረከበው የማንችስተር ቤተ መዛግብት ነው። ከጥቅልሎቹ አንዱ የዚያ ሐሙስ ክፍል ነበር።

እንኳን ደስ አለህ ብዬው ስልኩን አስቀመጥኩ። ለአርባ ሁለት ዓመት የነገርኩት ልጅ ከእውነተኛዋ ጋር ልትተያይ ነው። አንዲት ምስክር ተነሥታብኛለች፣ እሷም የሰባት ዓመት ልጅ ናት።

በቀጠሮው ቀን በመኪናዬ ልወስደው ስሄድ ኢነድ የግቢው በር ላይ ቆማ ጠበቀችኝ። ሹራቧን ትከሻዋ ላይ ጣል አድርጋለች። ብርድ ነበር።

«አትውሰደው አርኖልድ።»

«እንዴት አልወስደውም? ሰውዬው ዕድሜ ልኩን ሲጠብቅ—»

«አንተ እንዳላየኸው አውቃለሁ።»

«በምን አወቅሽ?»

«እኔ አይቼዋለሁ። ከእሷ ጋር ሶፋው ላይ ተቀምጠን።» ስሟን አልጠራችም፤ «እሷ» ነው ያለችው። «ሲያልቅ ወደ እኔ ዞራ ምን እንዳለችኝ ታውቃለህ? ‹እማዬ፣ እኔ የታለሁ?› አለችኝ።»

«አልገባኝም።»

«ልጅቷ አትታይም። በር ይከፈታል፣ ድምጿ ይሰማል፣ አለቀ። እሷም አባዬ እንዳይከፋው ብላ ጠዋት ጥሩ ነበር አለችው። የሰባት ዓመት ልጅ ዋሸችለት፣ እኔም ዝም አልኩ፣ አንተም ቀባጠርክ። አሁን ግባና አንድ ነገር ፈጥረህ አስቀረው። መፍጠር ታውቅበታለህ።»

እውነት ለመናገር ልነግረው ቆርጬ ነበር የገባሁት። ክሊፎርድ ግን ኮሪደሩ ላይ ቆሞ ነበር። ለቀብር ብቻ የሚያወጣውን ጥቁር ሰማያዊ ሙሉ ልብሱን ለብሷል፣ ያለችውን ጥቂት ፀጉር በውኃ አስተኝቷል፣ ጫማውን ወልውሏል። «እንዴት ነኝ?» አለኝ። ልጁን ሊያይ ነው የሚሄደው፤ እንዲህ ለብሶ ለቆመ ሰው ምን ይባላል? «ጥሩ ነህ፣ እንሂድ» አልኩት። ፈሪ ነኝ፣ ሁልጊዜም ነበርኩ።

የቤተ መዛግብቱ ወጣት ሠራተኛ ኢሞጀን ትባላለች። በትንሽ ጨለማ ክፍል ሦስት ወንበር ደርድራ ጠበቀችን። «አባቴ እርስዎን ባየ ቁጥር ‹አሁን ደግሞ ማን ሊሞት ነው› ይል ነበር ሚስተር ሃስላም» አለችው። ክሊፎርድ ሳቀላት። ከዚያ መብራቱን አጠፋች።

ምስሉ በጭረት የተሞላ፣ ግራጫ ነው። የሠላሳ አምስት ዓመቱ ክሊፎርድ ካባውን ደርቦ፣ ጢሙን ለጥፎ ወደ አንድ በር ይመጣል። ካሜራው ከቤቱ ውስጥ ወደ ጎን ተደርጎ ሳጅኑንም ልጅቷንም አንድ ላይ ለማሳየት ተቀምጧል። ያንኳኳል። በሩ ይከፈታል። የበሩን ጠርዝ የያዙ አራት ትናንሽ ጣቶች ይታያሉ።

ልክ በዚያች ቅጽበት ሳጅኑ በግራ እግሩ ግማሽ እርምጃ ገባና ትከሻውን ከፈተ። ካባው እንደ መጋረጃ ምስሉን ሞላው። ከላይ የክሊፎርድ ፊት በብርሃን ውስጥ አለ፣ ዓይኑ ወደ ካሜራው፣ በሚገባ የተበራ፣ የሚያምር ፊት። ከታች ልጅቷ ያለችበት ቦታ ጥቁር ጨርቅ ብቻ ነው።

«እናትሽ አለች?»

«ፎቅ ላይ ናት» አለ ከጨርቁ ጀርባ አንድ ድምፅ። ቀጭን፣ ትንሽ የሚንቀጠቀጥ። «ልጥራት?»

ዶሪን ለምን ስለ ድምጿ ብቻ እንዳወራች ያን ጊዜ ገባኝ። ያቺን ግማሽ እርምጃ ማን እንዳስተማረውም ትዝ አለኝ።

ክሊፎርድ «ይደገም» አለ። ኢሞጀን መለሰችው። በሩ፣ ጣቶቹ፣ ትከሻው፣ ድምፁ። «ይደገም።» በሦስተኛው ላይ ከወንበሩ ተነሥቶ ምስሉ ወዳረፈበት ግድግዳ ቀረበና ከሳጅኑ ትከሻ ጀርባ ለማየት እንደሚፈልግ ሰው አንገቱን ወደ ጎን አዘነበለ። ምስል ጀርባ የለውም። ኢሞጀን ወደ እኔ አየች፣ እኔ ወለሉን አየሁ። «በቃ የኔ እመቤት፣ አመሰግናለሁ» አላት ክሊፎርድ በመጨረሻ፣ ኮፍያውን ከወንበሩ ላይ ሲያነሣ።

በመኪናዬ ወደ ቤቱ ጉዞ ጀመርን። ዝናብ ጀምሮ ነበር። ትራፊክ መብራት ላይ ስንቆም «ይቅርታ አድርግልኝ ክሊፍ» አልኩት። «አላየሁትም ነበር። ያን ማታ ድስት አጥብ ነበር።»

«አውቃለሁ።»

«ኢነድ ነገረችህ?»

«አንተው ነህ የነገርከኝ፣ በመጀመሪያው ቀን። ሪባኗ ቢጫ ነው አልከኝ። ቴሌቪዥኑ ጥቁርና ነጭ ነበር አርኒ።»

መብራቱ አረንጓዴ ሆነ። ከኋላዬ ያለው መኪና ጡሩምባውን ነፋብኝ። መንዳት እንኳ አቃተኝ።

«እያወቅክ አርባ ሁለት ዓመት ታስወራኛለህ?»

«ሌላ ማን ያወራልኛል?» አለ።

ቤቱ ስንደርስ ደግፌ እስከ በሩ ወሰድኩት። ቁልፉ ኪሱ ውስጥ እንዳለ አውቃለሁ፤ አላወጣውም። አንኳኳ። ከውስጥ የኢነድ ኮቴ ቀስ እያለ መጣ። በሩ ሲከፈት ክሊፎርድ እንደ ልማዱ መጀመሪያ ወደ ታች አየ። ከዚያ ያላሰብኩትን አደረገ፤ በእርጅና እግሩ ግማሽ እርምጃ ወደ ጎን ሄዶ ትከሻውን ሰበሰበና ከፊቱ ባዶ ቦታ ተወ። ኮፍያውን አወለቀ።

«ሸፍኜያት ነበር» አለ። «እኔ ነኝ የሸፈንኳት።»

ኢነድ ለረጅም ጊዜ አየችው። ከዚያ እጇን ዘርግታ የላይኛውን ከንፈሩን በግራ በኩል በአውራ ጣቷ ነካች፣ ያኔ ጢም በተለጠፈበት።

«እዚህ ጋ ተላቆ ነበር» አለችው። «አንተ አላወቅክም። እኔ ከካሜራዎቹ ማዶ፣ ገመዱ መሐል ግድግዳ ተደግፌ ሁሉንም አያለሁ። በሩን ስትከፍት ጊሊያን ጢምህን አየችው። ሳቋ ሊያመልጣት ሆነ። የታችኛውን ከንፈሯን ነከሰች፣ ጉንጮቿ ተነፉ፣ ዓይኗ እንባ ሞላ። እኔ በልቤ ‹ጌታዬ፣ ብቻ አትሳቅ› እላለሁ። ድምጿ የተንቀጠቀጠው ለዚያ ነው ክሊፍ። ፈርታ አይደለም። እያየችህ ልትስቅ ነበር።»

ክሊፎርድ እዚያው በር ላይ ዝናቡ እያካፋበት አለቀሰ። በቴሌቪዥን ሲያለቅስ አይቼው አላውቅም፤ ለእኛ ዓይነቱ ሰው ማልቀስ አይጻፍልንም።

«ሪባኗስ?» አላት ቆይቶ። «ሪባኗ ምን ነበር?»

ኢነድ በትከሻው በኩል እኔን አየችኝ።

«ሰማያዊ» አለች። «የምን ቢጫ አመጣህ?»

እጁን ይዛ አስገባችው። እኔን ግባ አላለችኝም፣ እኔም አልጠበቅኩም። በሚቀጥለው የጊሊያን ልደት እንደ ወትሮው ስሄድ ከሳሎኑ ድምፅ ሰማሁ። ኢነድ ናት የምታወራው፤ እሱ አልፎ አልፎ ይጠይቃል፣ እሷ ትመልሳለች። ሳላንኳኳ ተመለስኩ።